ሃያ አምስተኛው ጎጆ

“ልቀቂው!” አለ ደርበው።

“አንተ ልቀቅ!” አለች ይርገዱ።

ዱላው የባሕር ዛፍ ነው፤ አራት ክንድ ይሆናል። አንዱን ጫፍ ባል፣ ሌላውን ጫፍ ሚስት ይዘውታል። እሱ ወደ በረንዳው ጣሪያ ሊያነሳው ይታገላል፤ እሷ ወደ መሬት ትጎትተዋለች። ከሁለቱ ራስ በላይ፣ የጣሪያው ወራጅና ግድግዳው በሚጋጠሙበት ጥግ፣ የግማሽ ቅል ያህል የጭቃ ጎጆ ተለጥፏል። ከጎጆው ጠርዝ አራት ቢጫ አፎች ተከፍተው ይንጫጫሉ። ምስኪኖች፣ ከታች የሚንቀሳቀስ ነገር ሁሉ ምግብ ይዞ የመጣ ይመስላቸዋል።

ይርገዱ ግራ እግሯን ገና አታምነውም። ወጌሻው የጠፈረበትን ቀርከሃ ከፈታላት አምስት ቀኗ ነው። ስለዚህ ጀርባዋን ለበሩ መቃን ሰጥታ፣ ክብደቷን በቀኝ እግሯ ላይ ጥላ ነው የምትጎትተው።

“እግርሽን ዳግመኛ ሰብረሽ ጉድ እንዳታደርጊኝ” አለ ደርበው።

“ብሰበርም በገዛ በረንዳዬ ላይ ነው የምሰበር።”

“ይርገዱ፣ ሃያ አራት ደርሷል እኮ! አንድ ብቻ ነው የቀረን።”

“ከሌላ ቦታ አምጣ።”

“ከየት? በሰፈሩ የቀረ የለም። ያንቺው ብቻ ነው።”

“እንግዲያው አይሞላም” አለችና ዱላውን በሁለት እጇ ጠምዝዛ ቀማችው።

ደርበው ባዶ እጁን አየ። ሃያ ሁለት ዓመት አብረው ሲኖሩ ዱላ ስትቀማው ይህ የመጀመሪያው ነው። ተናደደ፤ ከመናደዱ በላይ ግን አፈረ። ዙሪያውን ገልመጥ ገልመጥ አድርጎ ያየው ሰው አለመኖሩን ካረጋገጠ በኋላ ነው ጋቢውን ያስተካከለው።

ነገሩ የተጀመረው ከመስቀል በፊት ነበር። በዚያ ዓመት ከዳባት ወደ ደባርቅ በሚወስደው መንገድ ግራና ቀኝ ያለው ገብስ ፍሬ መያዝ ሲጀምር የቢጫ ወፍ መንጋ ወረደበት። ጧት ደህና የነበረው ማሳ ማታ ዛላው ብቻ ቆሞ ይገኛል። ገበሬው ጮኸ፣ አቤት አለ። አቤቱታው ወደ ላይ ወጣና ዘመቻ ሆኖ ተመልሶ መጣ። ዘመቻ ደግሞ ያለ ቁጥር አይሆንለትም። እያንዳንዱ አባወራ አምስት የወፍ ጎጆ አፍርሶ በማዳበሪያ ከረጢት እንዲያመጣ፣ አምስት አባወራ ያለው አንድ ቡድንም ሃያ አምስት እንዲያስረክብ ተወሰነ። ኮታውን የሞላ ቡድን በኅዳር ከደባርቅ የሚመጣውን የመውቂያ ማሽን ቀድሞ ያገኛል፤ ያልሞላ መጨረሻ ይሰለፋል።

ማሽኑ ዋዛ ነገር አይደለም። ባለፈው ዓመት ተራ የዘገየበት ሰው ያለ ጊዜው የመጣ ዝናብ ክምሩን አግኝቶት ገብሱ እዚያው በነዶው ላይ በቅሏል። የበቀለ ገብስ ለምንም አይሆን፤ ለከብትም በግድ ነው።

ችግሩ ግን ገብሱን የሚለቅመው ወፍ ሞኝ አለመሆኑ ነው። ጎጆውን የሚሠራው ከወንዙ ገደል ላይ፣ ቀጋና እሾህ በተጠላለፈበት፣ ሰው እጁን ሲሰድ ደም በደም ሆኖ በሚመለስበት ቦታ ነው። የመጀመሪያ ቀን ሰዎቹ ወደ ገደሉ ወርደው ጥቂት ሞከሩ። በሁለተኛው ቀን አንዱ ቀና ብሎ የገዛ ቤቱን ጣሪያ አየ። እዚያ፣ ዱላ በሚደርስበት ቦታ፣ ጨረባ የምትባለው ወፍ የጭቃ ጎጆ አለ። “ወፍ ወፍ ነው” ተባለ። በሦስት ቀን ውስጥ በሰፈሩ ከየበረንዳው፣ ከየጋጣው፣ ከቀበሌው መጸዳጃ ቤት ሳይቀር የጨረባ ጎጆ ሁሉ ተንኮታኩቶ ወረደ። ይህን ያደረጉት ክፉ ሰዎች ስለሆኑ አልነበረም። ቁጥር ተጠይቀው ነበር፣ ቁጥር አገኙ።

ደርበው ደግሞ የቡድን መሪ ነው። መሪ የሆነውም ፈልጎ አይደለም፤ በስብሰባው ቀን ሽንት ቤት ሄዶ ሲመለስ ተመርጦ ጠበቀው። ቢሆንም ከተመረጠ ወዲህ ነገሩን ከልቡ ይዞታል።

ይርገዱን ግን ይህ ሁሉ ሊያሳምናት አልቻለም። ምክንያቱም እሷ አርባ ቀን ሙሉ አይታለች። ፍልሰታ ሊፈታ ሁለት ቀን ሲቀረው ከምንጭ ስትመለስ አዳልጧት ግራ ቅልጥሟ ተሰበረ። ወጌሻው እግሯን ጠፍሮ “አርባ ቀን ንቅንቅ እንዳትዪ” ብሏት ሄደ። ቤት ውስጥ መተኛቱ ቢያፍናት በረንዳው ላይ ካለው መደብ አስነጠፈች። በዕድሜዋ አንድ ሙሉ ቀን እንኳ እጇን አጣጥፋ ውላ አታውቅም፤ አሁን አርባ ቀን በጀርባዋ ተኝታ ጣሪያ ማየት ሆነ ሥራዋ።

ጨረባዎቹ የመጡት በዚያው ሳምንት ነው። ሁለት ናቸው፤ ጀርባቸው ጥቁር ሰማያዊ፣ ግንባራቸው ቀላ ያለ፣ ጅራታቸው እንደ መቀስ የተከፈለ። ከብቶቹ ውኃ ከሚጠጡበት ረግረግ ዳር እየወረዱ ጭቃ በአፋቸው ጠቅልለው ያመጣሉ፣ ይለጥፋሉ፣ ይመለሳሉ። ፀሐይዋ ከፍ ካለች በኋላ ግን ሥራ ያቆማሉ። መጀመሪያ ስንፍና መሰላት። ሁለት ሦስት ቀን ካየች በኋላ ነው የገባት። እሷም ቤቷን ስትመርግ የታችኛው ሳይደርቅ ላይኛውን አትደርብም፤ ከደረበች ሁሉም ተግተልትሎ ይወርዳል። ወፎቹም ጭቃቸው እስኪደርቅ ነበር የሚጠብቁት። ጭድም ቀላቅለውበታል። ውስጡን ደግሞ ከገዛ ዶሮዎቿ ላባ ለቅመው አነጠፉለት።

“ደርበው፣ ይቺ ወፍ ካንተ ምርጊት ትሻላለች” ብላው ነበር ያኔ።

ጫጩቶቹ ከተፈለፈሉ በኋላ ግን ቀልዱ ቀረ። እንዲህ ያለ ልፋት አይታ አታውቅም። አንድ ቀን ጧት ስንት ጊዜ እንደሚመላለሱ ልትቆጥር ብላ መቁጠሪያዋን አነሳች። ለጸሎት የተሰጣትን መቁጠሪያ ለወፍ ማዋሏን የንስሐ አባቷ ቢሰሙ ምን ይሏት እንደነበር እግዜር ይወቅ፤ እሷ ግን ቆጠረች። አርባ አንዱን ፍሬ ሦስት ጊዜ ዙራ አራተኛውን ስትጀምር ገና ቀትር አልሆነም ነበር። ሁለቱም፣ ወንዱም ሴቷም፣ አንዱ ሲወጣ ሌላው ይገባል። ማታ ማታ በሬዎቹ ወደ ጋጣ ሲገቡ ከሆዳቸው ሥር እየሾለኩ ዝንቡን በአየር ላይ ይለቅሙታል። አንድ ጊዜ የያዙት ጉርሻ ከጫጩቷ አፍ አምልጦ ደረቷ ላይ ወደቀባት። በስንጥር ፈታታ አየችው፤ ዘጠኝ ዝንብ፣ ሦስት ትንኝና አንድ ክንፍ ያወጣ ጉንዳን ነበረበት።

በዚያው ሰሞን ከጎጆው ሥር ለቆሎ የታጠበ ገብስ ሰሌን ላይ ተሰጥቶ ነበር። ዶሮዎቿ መጡበት፣ ድንቢጥ መጣበት፤ በተኛችበት ሆና በከዘራዋ ስታባርር ዋለች። ጨረባዎቹ አንድ ጊዜ እንኳ ዝቅ ብለው አላዩትም። ቀኑን ሙሉ ሲዘንብ የዋለ ዕለትም፣ ዝንብ ከተሸሸገበት ስለማይወጣ ባዶ አፋቸውን እየተመለሱ ጫጩቶቹ ድምፃቸው ሲደክም፣ ገብሱ እዚያው ነበር፣ ከራሳቸው ሁለት ክንድ ዝቅ ብሎ። አልነኩትም። በዚያ ቀን ይርገዱ ምሳዋን መብላት አቃታት፤ አለቀሰችም። “ለወፍ ታለቅሻለሽ?” አላት ደርበው። ተኝቶ ሌላ ሰው እስኪያበላው ጠብቆ የማያውቅ ሰው አይገባውም ብላ ተወችው። እሷም በዚያ ሰሞን እንጀራ የሚያቀርብላትን ሰው እጅ ጠባቂ ነበረች።

እና ዛሬ፣ ጫጩቶቹ ሊበሩ አራት ወይም አምስት ቀን ሲቀራቸው፣ ይህን ሁሉ ያላየ ሰው ዱላ ይዞ መጣ። ያ ሰው ባሏ መሆኑ ደግሞ ይበልጥ አናደዳት።

ገና ከበሩ ሳትለቅ ጎረቤታቸው ሸጋው ከአጥሩ ማዶ ብቅ አለ። ሸጋው ሠላሳ ዓመት ያልሞላው ቀጭን ሰው ነው፤ ከቡድኑ አምስት አባወራዎች አንዱ። ሚስቱ ከወለደች ገና ሦስት ሳምንቷ ነው። ከሁለት በሬዎቹ አንዱ በግንቦት ስለሞተበት ከአምስቱ ውስጥ ጥንድ በሬ የሌለው እሱ ብቻ ነው። ባለፈው ዓመት ገብሱ በነዶ ላይ የበቀለበትም እሱ ነው።

“እንደምን አደራችሁ?” አለ፤ የዱላውን ነገር አይቶ እንዳላየ ሆኖ።

“እግዜር ይመስገን። ግባ” አለ ደርበው።

“አልገባም አያ ደርበው። አልቋል ወይ ብዬ ነው። ሪፖርቱ ከቀትር በፊት ይፈለጋል አሉ።”

ደርበው በአገጩ ሚስቱን አመለከተ። “እሷን ጠይቃት።”

ሸጋው ወደ ይርገዱ ቀረብ አለ። ቃል ሲመርጥ ከፊቱ ይታወቃል። “እትዬ ይርገዱ፣ እኔ ካንቺ ጋር ክርክር አልገጥምም። የኔን ቤት ጎጆዎች አውርጄ ነው የመጣሁ። ሦስቱንም።”

“ጫጩት ነበረባቸው?”

“ነበረባቸው።”

“ምን አደረግሃቸው?”

“ውሻው…” አለና አቀረቀረ። “ምን ላድርግ? ማሽኑ ካመለጠኝ ዘንድሮ ሚስቴንና ልጄን ምን ላበላቸው ነው? በአንድ በሬ ምን አበራያለሁ?” አለ።

ሸጋው የሚለው እውነት መሆኑን ይርገዱ ታውቃለች። ይሁን እንጂ ዱላውን አልመለሰችም።

“አንተ ሂድ” አለችው በመጨረሻ። “እኔ እመጣለሁ።”

“የት?” አለ ደርበው።

“ቀበሌ ነዋ! ሪፖርቱ የሚጻፈው እዚያ አይደለም?”

“በዚህ እግርሽ?”

“ወፏ ገብስ በላች ያለው ሰው እዚህ ድረስ መጥቶ ቢያይ ደግ ነበር። ካልመጣ እኔ እሄዳለሁ።”

ደርበው የሃያ አራቱን ጎጆ ከረጢት ተሸክሞ እየተመናጨቀ ቀድሟት ሄደ። ይርገዱ ከኋላ ቀርታ ከጎጆው ሥር የተጠራቀመውን ኩስ በጥንቃቄ ጠርጋ አሮጌ ጣሳ ውስጥ ጨመረችው። ጫጩቶቹ ትንንሽ ሳሉ እናታቸው ኩሳቸውን በአፏ ይዛ ራቅ አድርጋ ትጥለው ነበር፤ ከጠነከሩ ወዲህ ግን ጀርባቸውን ወደ ውጭ እያዞሩ በረንዳዋ ላይ ነው የሚለቁት። በየቀኑ ስታጸዳው ያማረረችው ኩስ ዛሬ ለቁም ነገር ይፈለጋል ብላ አላሰበችም ነበር። በሩን ዘጋች፣ ዱላውን አብራ ወሰደችው።

የግማሽ ሰዓቱን መንገድ አንድ ሰዓት ፈጀባት። ስትደርስ ሰው በቀበሌው ግቢ ተሰብስቧል። ጠረጴዛው ፀሐይ ላይ ወጥቷል። ሊቀመንበሩ ሰብስቤ መሐል ተቀምጠዋል፤ ስድሳ የሞላቸው፣ ቀልድ የሚወዱ፣ የተናገሩትን መልሰው መዋጥ ግን የሚከብዳቸው ሰው ናቸው። ከጎናቸው ፎርም ይዛ የተቀመጠችው የግብርና ባለሙያዋ ፀጋ ናት፤ ከኮሌጅ ወጥታ እዚህ ከተመደበች ገና ዓመቷ። በጠረጴዛው ፊት ከረጢቶች ተደርድረዋል። ከአንዳንዶቹ ቀዳዳ አቧራና ላባ ይፈሳል።

“የደርበው ቡድን!” አሉ ሰብስቤ። “ሃያ አምስት ነው አይደል?”

ደርበው ጉሮሮውን ጠረገ። “አንድ ጎድሎናል አያ ሰብስቤ።”

“የት ገባ?”

“እዚያው በረንዳዬ ላይ ነው ያለ።”

ሰው ሳቀ። ሰብስቤም ፈገግ አሉ። “ባለቤትህ ናት ያስጣለችህ? በሰፈር እንዲህ ሲባል ሰምቼ አላመንሁም ነበር።”

“ይመኑ” አለች ይርገዱ ከኋላ። ሰዉ ገለል አለላት። ዱላዋን እየተመረኮዘች ቀጥ ብላ ወደ ጠረጴዛው መጣችና ጣሳውን ከፎርሙ አጠገብ ገለበጠችው።

ፀጋ ወረቀቷን ነጠቀች። ሰብስቤ ወንበራቸውን ወደ ኋላ ገፉ። “ይሄ ምንድን ነው?”

“ኩስ ነው” አለች ይርገዱ። “የዚያች የጨረባ ኩስ። አንዲት የገብስ ቅንጣት፣ አንዲት ገለባ ያግኙበትና አሁኑኑ ሄጄ ጎጆዋን በገዛ እጄ አወርደዋለሁ።”

“አንቺ ሴትዮ! የመንግሥት ጠረጴዛ ላይ?”

“ፍርዱ የተጻፈው በመንግሥት ጠረጴዛ ላይ ነው። ማስረጃውንም እዚሁ ይዩት እንጂ፤ የት ላምጣው?”

ሰብስቤን እንዲህ ብሎ የተናገራቸው ሰው ብዙ የለም። ፀጋ ቀስ ብላ የእስክሪብቶዋን ክዳን አወጣችና ኩሱን በተነችው። ጥቃቅን የሚያብረቀርቁ ነገሮች ታዩ።

“የዝንብ ክንፍ ነው” አለች በዝግታ። “ይሄኛው የጥንዚዛ ጀርባ ነው። እህል የለበትም።”

“እኔን አትስሙኝ፤ እሷን ስሙ” አለች ይርገዱ። “አሁን ደግሞ ያንን ከረጢት ዘርግፉት።”

“የማንን?”

“የኛን። የደርበውን።”

ደርበው አልተንቀሳቀሰም። ይርገዱ ራሷ ጎንበስ ብላ የከረጢቱን ታች ይዛ ገለበጠችው። የጭቃ ስብርባሪ፣ ጭድና ላባ መሬት ላይ ተዘረገፈ። ከላባው ጋር የተጣበቀ አንድ ነገርም ነበር፤ ሸጋው አየውና ፊቱን አዞረ። ከዚያ ሁሉ መሐል በሳር የተጎነጎኑ ሁለት ጎጆዎች ተለይተው ታዩ።

“ገብስ በሊታዋ ቤቷን በሳር ነው የምትሠራ” አለች ይርገዱ፤ ሁለቱን በዱላዋ ጫፍ ወደ ጎን ገፋቻቸው። “ይኸው፣ ሁለት። ሃያ ሁለቱ ጭቃ ነው። ጭቃ ሠሪዋ ደግሞ ዝንብ በሊታ ናት፣ የከብቶቻችሁን ዓይን የምትጠብቅ። እናንተም ከረጢታችሁን ከፍታችሁ እዩት። እኛ ሌባውን ትተን ጠባቂውን ነው የደበደብን!”

ሁሉም በአንድ ጊዜ መናገር ጀመረ። አንዱ “እኔ ብያለሁ!” ይላል፣ ሌላው “መቼ አልክ?” ይላል፣ አንዱ የራሱን ከረጢት ከፍቶ ያያል። ሰብስቤ ጠረጴዛውን በመዳፋቸው መቱ። “ዝም በሉ! የጨረባ ተዝካር አደረጋችሁት እኮ!” ካሉ በኋላ ያሉት ነገር ለራሳቸውም ገብቷቸው ከንፈራቸውን ነከሱ። ሳቁን ግን ማቆም አልተቻለም።

“ፀጋ” አሉ ሳቁ ሲበርድ። “አንቺ የተማርሽ አይደለሽም? ይህን ታውቂ ነበር?”

ፀጋ ቀላች። “አውቅ ነበር።”

“ታዲያ ለምን አልነገርሽኝም?”

“ነግሬዎት ነበር። ‘ወፍ ወፍ ነው’ አሉኝ። ፎርሙም የወፉን ዓይነት አይጠይቅም፤ ብዛት ብቻ ነው የሚለው።”

ሰብስቤ መጥፎ ሰው አይደሉም። ግን ሪፖርቱ ዛሬ መሄድ አለበት፤ የወፍ ዓይነት ተሳስተን ነበር ብለው ለበላይ የሚጽፉ ሰውም አይደሉም። አገጫቸውን አሻሹ፣ ደርበውን አዩ፣ ይርገዱን አዩ፣ ከዚያ ፊታቸው ፈታ አለ።

“በቃ፤ ነገር አናክርር” አሉ። “ይርገዱ፣ ያንቺ ጎጆ ይቆይ። ማንም አይነካውም፤ እኔ ብያለሁ። ፀጋ፣ የደርበው ቡድን ሃያ አምስት ብለሽ ጻፊ። ጎጆውም አለ፣ ኮታውም ሞላ፣ ማሽኑም መጣ። ደስ አለሽ?”

“ተባረኩ!” አለ ደርበው ከልቡ። ጧት ከዱላው ትግል ወዲህ እንዲህ ያለ እፎይታ አልተሰማውም። የሸጋውም ፊት በራ። የቡድኑ ሌሎች ሦስት አባወራዎች እርስ በርሳቸው ተያይተው ራሳቸውን ነቀነቁ። ፀጋ ፎርሙን አስተካክላ “25” ልትል “2”ን ጻፈች።

ይርገዱ ለአፍታ ደስ አላት። ወደ ቤቷ ሄዳ መደቧ ላይ ተቀምጣ እግሯን ዘርግታ አራቱ ጫጩቶች ሲበሩ ታያለች፤ ሌላ ምን ትፈልጋለች? ከዚያ ግን መሬት ላይ የተዘረገፈውን የጭቃ ስብርባሪ አየች። በሃያ ሁለቱ ውስጥም ጫጩት ነበረ። የሚጻፈው ወረቀት ደግሞ እነዚያ ሁሉ ገብስ በልተው እንደተቀጡ ነው የሚናገረው፤ የሷም አንዷ በስም ከነሱ ጋር ልትቆጠር ነው።

“አይጻፍ” አለች።

የፀጋ እስክሪብቶ ቆመ። “ምን?” አሉ ሰብስቤ።

“ሃያ አምስት አይጻፍ። ሃያ አራት ነው።”

“ይርገዱ!” አለ ደርበው። “ሰውዬው ወፍሽን ማሩልሽ እኮ!”

“ያላጠፋችውን ምን ብለው ነው የሚምሯት? ሃያ አምስት ከተባለ ዘመቻው ሠመረ ማለት ነው። ከላይ ያሉትም ‘ውጤት አመጣ’ ብለው ለከርሞ ይደግሙታል። ያቺ ቢጫዋ ወፍ ግን አሁንም ገደሉ ውስጥ ሆና ገብሳችንን እየበላች ነው። ከርሞ ደግሞ እኔ እግሬ ካልተሰበረ በረንዳ ላይ አልተኛም፤ ማን ይጠብቃታል? አይ። ሃያ አራት ይጻፍ። አንዷ ለምን እንደቀረች ደግሞ እዚያ ምርመራ የሚለው ቦታ ላይ ይጻፍ።”

“ምን ተብሎ?”

“ጨረባ ገብስ አትበላም ተብሎ። ስሜንም ጻፉት፤ አልደበቅም።”

አሁን የሰብስቤ ፈገግታ ጠፋ። “እኔ መንገድ ከፈትሁልሽ፤ አንቺ ዘጋሽው። እሺ። ሃያ አራት ከሆነ ኮታ አልሞላም። ኮታ ያልሞላ ቡድን ማሽን የሚያገኘው መጨረሻ ነው። ሕጉን እኔ አላወጣሁትም።”

የቡድኑ ሰዎች አጉረመረሙ። አንዱ “በሷ እልህ እኛ ለምን?” ሲል ተሰማ። ይርገዱ ለሦስቱ አልተጨነቀችም፤ ሦስቱም ጥንድ በሬ አላቸው፣ ይደክማሉ እንጂ ገብሳቸው አይቀርም። የፈራችው ሸጋውን ማየት ነበር። ቢጮህባት፣ ቢረግማት ይቀላት ነበር። እሱ ግን የእጁን ጭቃ በሌላው እጁ ጥፍር እየፋቀ ቆሟል። አራስ ሚስቱ ቤት ትጠብቀዋለች። ምን ብሎ እንደሚነግራት የሚያስብ ይመስላል።

ይርገዱ ዱላዋን ተደግፋ ወደ እሱ ዞረች።

“ሸጋው፣ የኛ ሁለት በሬዎች መጀመሪያ ያንተ አውድማ ይገባሉ” አለች። “ያንተ ገብስ ጎተራ ሳይገባ የኛ ነዶ አይነካም።”

ሸጋው ቀና አለ። የሰማው ነገር እውነት መሆኑን ከደርበው ፊት ላይ ለማንበብ ሞከረ።

ደርበው ግን ሚስቱን ነበር የሚያየው። በሬዎቹ የሱ ናቸው፤ አልጠየቀችውም። “ያንን ስናበራይ ዝናብ ቢመጣስ?” አለ ድምፁን ዝቅ አድርጎ።

“የኛው ይበሰብሳላ” አለች።

“የኛው?”

“የኛው። እምቢ ያልሁት እኔ ነኝ፤ ታዲያ የማን ይበስብስ?”

ደርበው ወደ መሬት አየ። ስብርባሪው እግሩ ሥር ነው። አብዛኛውን በገዛ እጁ ነው ያወረደው፤ ጭቃው በጭድ መለወሱንና ውስጡ በላባ መነጠፉን ግን ልብ ብሎ ያየው አሁን ነበር። ሰዉ ሁሉ እሱን ይጠብቃል። ፀጋም እስክሪብቶዋን ከ“2” አጠገብ አሳርፋ ታየዋለች፤ የቡድን መሪው እሱ ነው፣ ፊርማውም የሱ ነው።

“ምን ታዪኛለሽ፣ ልጄ?” አላት። “ያለችሽን ጻፊ እንጂ። ምርመራውንም እንዳትረሺ።”

ጽፋ እስክትጨርስ ጠበቀና እስክሪብቶውን ከእጇ ተቀብሎ ፈረመ።